አፉ ማለትና ካሳ መጠየቅ አይጋጩም

«ቀደር ነው፤ ሶብር አድርግና ተወው።» መኪና የገጨው ሰው ሁሉ ይህን ምክር ይሰማል። እኔም ነቀምቴ ውስጥ መንገድ ዳር ስሄድ የጭነት መኪና ገጭቶ ቀኝ እግሬን ከሰበረኝ በኋላ ደጋግሜ ሰምቼዋለሁ። የሚመክሩን ክፉ ሰዎች አይደሉም፤ የሚያዝኑልን ጎረቤቶችና ሽማግሌዎች ናቸው። ግን ሁለት ነገር ይቀላቀልባቸዋል። የደረሰው በአላህ ቀደር መሆኑን ማመን አንድ ነገር ነው፤ የተጎዳ ሰው ሐቁን መጠየቁ ደግሞ ሌላ። ቀደርን ማመን ካሳን የሚያስቀር ቢሆን ኖሮ ሸሪዓችን በስሕተት ለደረሰ ጉዳት ዲያን ባልደነገገ ነበር።

ሾፌሩን አፉ ብዬዋለሁ። እንደኔው እንጀራ ፈላጊ ልጅ ነው። ነገር ግን በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2081 መኪናው ላደረሰው ጉዳት ባለቤቱን ኃላፊ ያደርጋል፤ የነዳው ሌላ ሰው ቢሆንም እንኳ። ስለዚህ ከባለቤቱና ከመድን ድርጅቱ ካሳ መጠየቄ አፉታዬን አያፈርሰውም።

እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ። የስፌት መኪናዬ በእግር የሚረገጥ ነበር። አጥንቴ ቢገጥምም ቁርጭምጭሚቴ እንደ ድሮው አይታጠፍም፤ ትንሽ ስረግጥ ያብጣል። መጀመሪያ ጉዳዩን ያየው ፍርድ ቤት ግን የሕክምናና የመጓጓዣ ደረሰኜን ብቻ ቆጠረ። ለጠፋው ገቢዬ «የደመወዝ ማስረጃ አላቀረበም» ተባለ። ለመሆኑ በነቀምቴ፣ በጊምቢና በደምቢ ዶሎ ስንቱ ወጣት ነው ደመወዝተኛ? ባጃጅ ነጂው፣ ቸርቻሪው፣ ልብስ ሰፊው በምን ወረቀት ገቢውን ያሳይ?

ይግባኝ ያልኩት በዚህ ነጥብ ላይ ነው። ሕጉ ካሳው ከደረሰው ጉዳት ጋር እኩል እንዲሆን ያዛል። የጉዳቱን ልክ በትክክል ማወቅ ካልተቻለ ደግሞ በቁጥር 2102 መሠረት ዳኛው በርትዕ ገምቶ ይወስናል። የንግድ ፈቃዴ፣ የግብር ደረሰኜ፣ የደንበኞችን ልክና ሒሳብ የምጽፍበት ደብተር፣ የሐኪሞች ቦርድ የሰጠኝ የዘላቂ ጉዳት ማስረጃ ከመጀመሪያው መዝገቡ ላይ ነበሩ። ይህ ጠቀመኝ፤ ይግባኝ ላይ አዲስ ማስረጃ ማስገባት ከባድ ነውና። ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት የቀነሰውን ገቢዬን ጨምሮ ካሳውን አሻሻለልኝ። ሀብታም አላደረገኝም፤ ግን በኤሌክትሪክ የሚሠራ የስፌት መኪና ገዛሁበት። ለደረሰብኝ ሥቃይ የተወሰነልኝ የሕሊና ካሳ ግን ከ1,000 ብር አላለፈም። ሕጉ በቁጥር 2116 የጣለው ጣሪያ ይኸው ነው፤ ከ1952 ዓ.ም. ጀምሮ።

ወንድሜ፣ እህቴ፣ ይህ በእናንተ ወይም በቤተሰባችሁ ላይ ቢደርስ (አላህ ይጠብቃችሁ) እነዚህን ያዙ።

አንደኛ፣ ሐኪም የጉዳቱን መጨረሻ ሳይነግራችሁ ሱልህ ላይ አትፈርሙ። ሱልህ መልካም ነው፤ ነገር ግን ግራ ቀኙ የፈረሙት የእርቅ ስምምነት እንደ ፍርድ ያስራል። በሦስተኛው ሳምንት የተቀበላችሁት ብር በሦስተኛው ዓመት ለሚመጣው ሕመም አይበቃም።

ሁለተኛ፣ የመድኑ ጣሪያ የካሳችሁ ጣሪያ አይደለም። በ2005 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 799 ለአካል ጉዳት ያስቀመጠው 40,000 ብር ነበር፤ በኋላ ከፍ ተደርጓል። ጉዳቱ ከዚያ ካለፈ ቀሪው ከባለቤቱ ይጠየቃል።

ሦስተኛ፣ ቀን ቁጠሩ። የካሳ ክስ በመደበኛው ጉዳቱ በደረሰ በ2 ዓመት ውስጥ፣ ይግባኝ ደግሞ ፍርዱ በተሰጠ በ60 ቀን ውስጥ ይቀርባል። የፍርዱን ግልባጭ ወዲያው ጠይቁ።

አራተኛ፣ የዳኝነት መክፈል ባትችሉ በድህነት ለመክሰስ ማመልከት ትችላላችሁ።

ለሽማግሌዎቻችንና ለጀመዓችንም አንድ አደራ አለኝ። የተጎዳን ሰው ስንዘይር «ሶብር አድርግ» ማለቱ ደግ ነው። አስከትለን ግን «የፖሊስ ሪፖርቱ ወጥቷል? ደረሰኞቹን ማን ይዟል? ስንተኛ ቀንህ ነው?» ብለን እንጠይቀው። አልጋ ላይ ያለ ሰው ወረቀት ተከታትሎ ማውጣት አይችልም፤ እኛ እንችላለን።