ምሰሶው እና ማይኩ

ስለ ሬዲዮ ጣቢያ ሲወራ አብዛኞቻችን የምናስበው ምሰሶውን ነው። ምሰሶ ይታያል። አጥር አለው፣ ዘበኛ አለው፣ ሌሊት ቀይ መብራት ይበራበታል። መንግሥት ሊገለብጥ የተነሳ ሰውም ቀድሞ የሚሮጠው ወደ ሬዲዮ ጣቢያ ነው። በታኅሣሥ 1953ቱ ግርግር አልጋ ወራሹ መግለጫውን ያነበቡት በሬዲዮ ነበር። ለዚህ ይመስለኛል የጣቢያ አለቃን ትልቅነት በኪሎዋት ብዛትና በምሰሶ ርዝመት የምንለካው።

እኔ የምኖረው ፉሪ ነው። ትናንት በሰበታ ሥር የነበረ፣ ዛሬ የሸገር ከተማ ክፍለ ከተማ የሆነ ሰፈር። ከዚህ ወደ ደቡብ ሲሄዱ ገጃ የሚባል አገር አለ፤ የኢትዮጵያ ሬዲዮ የአጭር ሞገድ ማሰራጫ ያለው እዚያ ነው። በሰፈራችን ግን ስለ ማሰራጫ የሚያወራ ሰው የለም። ፉሪ ሲባል የሚነሳው የቤት ኪራይ፣ የታክሲ ሰልፍ፣ ቢበዛ የፉሪ ለቡ ባቡር ጣቢያ ነው። ነገር ግን ከ1955 እስከ 1969 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ዳርቻ የሚነሳ ድምፅ ማዳጋስካር፣ ሕንድና ናይጄሪያ ድረስ ይሰማ ነበር። የጣቢያው አለቆች ደግሞ አውሮፓውያን ነበሩ። ከጥቂት ወራት ወዲህ ስለነዚህ አለቆች ብዙ ሳስብ ነው የከረምኩት፤ ለምን እንደሆነ ወደ መጨረሻው እነግራችኋለሁ።

ጣቢያው ብሥራተ ወንጌል ሬዲዮ ይባላል። ባለቤቱ መቀመጫውን ጄኔቭ ያደረገው የሉተራን ዓለም ፌዴሬሽን ነበር። ከንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ፈቃድ ያገኘው በ1952 ሲሆን፣ የካቲት 19 ቀን 1955 ዓ.ም. ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ መርቀው ከፈቱት። እያንዳንዳቸው 100 ኪሎዋት የሆኑ ሁለት የአጭር ሞገድ ማሰራጫዎች ነበሩት። አጭር ሞገድ ወደ ላይኛው የከባቢ አየር ንጣፍ ወጥቶ፣ እዚያ ነጥሮ፣ በሺህ የሚቆጠር ኪሎ ሜትር ርቆ ይወርዳል። ስለዚህ በአፍሪካና በእስያ መካከል ያለች ደጋ ከተማ ለሁለቱም አህጉር ትመች ነበር። የመጀመሪያው ዋና ዳይሬክተር ኖርዌጂያዊው ዶ/ር ሲጉርድ አስኬ ነው።

እስኪ ራሳችሁን በአስኬ ወንበር ላይ አስቀምጡት። በእጃችሁ በጊዜው በአፍሪካ ከነበሩት ኃይለኛ ጣቢያዎች የሚመደብ አንድ ጣቢያ አለ። ከ10 በላይ በሆኑ ቋንቋዎች ትናገራላችሁ። ቀላሉ መንገድ ምንድን ነው? አንድ ትልቅ ሕንፃ አዲስ አበባ ላይ ገንብቶ፣ ተርጓሚዎችን ከየአገሩ ሰብስቦ፣ ከአንድ ክፍል ለሁሉም መናገር። በጀቱ በአንድ እጅ ይሆናል፤ ስብሰባው በአንድ አዳራሽ ያልቃል፤ አለቃው ማን ምን እንዳለ በየሰዓቱ ያውቃል።

እነ አስኬ በዚያ መንገድ አልሄዱም። ዜናው አዲስ አበባ ይዘጋጅ ነበር። አብዛኛው ሌላ ፕሮግራም ግን የሚሠራው አድማጩ ባለበት አገር፣ በአካባቢ ስቱዲዮዎች ነበር። የስዋሂሊው ታንዛኒያ ሞሺ፣ የፉልፉልዴው ካሜሩን ንጋውንደሬ፣ የማላጋሲው አንትሲራቤ ይቀረጻል። ከዚያ ቴፑ በአውሮፕላን አዲስ አበባ ይመጣል፤ ከአዲስ አበባ ተመልሶ በሰማይ ወደ ተቀረጸበት አገር ይሄዳል። አስቡት፤ ንጋውንደሬ ያለ ሰው የጎረቤቱን ድምፅ ለመስማት ድምፁ መጀመሪያ ኢትዮጵያ ድረስ መጥቶ መመለስ ነበረበት። ወጪው ብዙ ነው፤ ቴፕ ይዘገያል፣ ይጠፋል። ለቁጥጥርም አይመችም። ግን ተናጋሪው የአድማጩን ገበያ ያውቃል፤ ዝናቡ መቼ እንደቀረ ያውቃል፤ ቀልዱን ያውቃል።

ሌላም ደንብ ነበራቸው። ከፕሮግራሙ 30 በመቶው የሃይማኖት ስብከት ሲሆን፣ 70 በመቶው ዜና፣ ትምህርት፣ ጤና፣ ሙዚቃና የመሳሰለው ነበር። በቤተ ክርስቲያን ገንዘብ የተቋቋመ ጣቢያ ከአየር ሰዓቱ ሦስት እጁን ገደማ ለማያምነውም ሰው መስጠቱ፣ ዛሬ የሕዝብ ሚዲያ የምንለውን ነገር እንዲመስል አድርጎታል። በነገራችን ላይ ይህን የ20 ዓመት ታሪክ በመጽሐፍ የጻፈው ከጣቢያው መሪዎች አንዱ የነበረው ስዊድናዊው ማንፍሬድ ሉንድግሬን ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1983 ጄኔቭ ላይ ታተመ።

መጋቢት 3 ቀን 1969 ዓ.ም. ደርግ ጣቢያውን ወረሰው። ስሙ «የአብዮታዊት ኢትዮጵያ ድምፅ» ሆነ። አንቴናው ያው፣ ማሰራጫው ያው፣ ሞገዱ ያው። የተለወጠው የሚናገረው ሰው ብቻ ነበር።

በደርግ ጊዜ በሬዲዮ ማሰራጫ ቴክኒሺያን የነበሩ አንድ ጎረቤት አሉን፤ ጋሼ ነው የምላቸው። ቅዳሜ ቅዳሜ ቡና ላይ ስንገናኝ ስለ ማሰራጫ ጠይቄያቸው አላውቅም ነበር፤ ዘንድሮ ግን ጠየቅኳቸው። የቫልቮቹን ትልቅነት በእጃቸው እየለኩ አሳዩኝ፤ ሙቀቱን፣ የማቀዝቀዣውን ጩኸት፣ ሌሊት ተረኛ መሆን ምን እንደሚመስል ነገሩኝ። «ለመሆኑ ምን እንደሚተላለፍ ይሰሙ ነበር?» አልኳቸው። ሳቁ። «የኔ ልጅ፣ እኔ የማየው መርፌውን ነው። መርፌው ቦታው ላይ ካለ ሥራዬን ሠርቻለሁ። ማሰራጫ እኮ ሆድ የለውም፤ የሰጡትን ይልካል።»

ይህን በምሬት አይደለም የተናገሩት፤ እንደ ባለሙያ ነው። እኔን ግን ሰነበተብኝ። ምሰሶ ታማኝነት የለውም። የያዘው ሰው የሚለውን ይላል። ታዲያ አለቃ ሆኖ 14 ዓመት ሙሉ ምሰሶ ሲገነባ የኖረ ሰው፣ በአንድ ቀን ሲወሰድበት ምን ቀረለት?

መልሱ ስቱዲዮዎቹ ናቸው። ደርግ ንጋውንደሬን ሊወርስ አይችልም፤ ሞሺንም እንደዚያው። የአዲስ አበባው ማሰራጫ ሲዘጋባቸው እነዚያ ሰዎች ማይካቸው ፊት እንደተቀመጡ ነበሩ፤ ሙያው በእጃቸው ነው፤ አድማጩም የሚያውቃቸው እነሱን ነው። ሌላ ማስተላለፊያ ፈለጉ። የንጋውንደሬው «ሳውቱ ሊንጂላ» እና የሞሺው «ሳውቲ ያ ኢንጂሊ» ዛሬ በገዛ ስማቸው በኤፍ ኤም ያስተላልፋሉ። እዚሁ አዲስ አበባም «የምሥራች ድምፅ» የሚባለው የመካነ ኢየሱስ ቤተ ክርስቲያን ስቱዲዮ ከጣቢያው በኋላ ኖሯል። በጊዜው አባካኝ ይመስል የነበረው ውሳኔ፣ ማለትም ማይኩን ከአለቃው ክፍል ማራቅ፣ በመጨረሻ ያተረፈው እሱ ብቻ ሆነ።

ይህ ነገር የአንድ ጣቢያ ዕድል ብቻ እንዳይመስላችሁ ወደ አውሮፓ ልሻገር። ሂዩ ካርልተን ግሪን እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ነበር፤ የደራሲው የግሬም ግሪን ወንድም። እ.ኤ.አ. በ1939 ናዚዎች ከበርሊን አባረሩት፤ በዓመቱ የቢቢሲ የጀርመንኛ ክፍል ገባ። ጀርመኖች የቢቢሲን ሞገድ በጩኸት ያፍኑ ነበር። ግሪን በ1942 ወደ ስዊድን በረረ። ለምን? ፕሮግራሙ በጩኸቱ መሐል አድማጩ ጆሮ ላይ ሲደርስ ምን እንደሚመስል በራሱ ጆሮ ለመስማት። ለንደን ቁጭ ብሎ የሚናገር ሰው ድምፁ ሁልጊዜ ጥርት ያለ ነው የሚመስለው።

ከጦርነቱ በኋላ፣ በ1946፣ እንግሊዞች ሐምቡርግ ላይ ያለውን ሬዲዮ እንዲመራ ላኩት። እዚህ ላይ ያለው ተቃርኖ ግልጽ ነው፤ አገር የያዘ ጦር የሾመው አለቃ «ከመንግሥት ነፃ የሆነ ሬዲዮ» ሊያቋቁም ነው። ግሪን የያዘው ሥራ ራሱን የማያስፈልግ ሰው ማድረግ ነበር። ጀርመን ጋዜጠኞችን አሠልጥኖ፣ መተዳደሪያውን አስወጥቶ፣ በኅዳር 1948 ወንበሩን ለጀርመናዊው አዶልፍ ግሪመ አስረክቦ ሄደ።

ከዚያ በኋላ ሁሉም ነገር አማረ ማለት አይደለም። ፓርቲዎች ወደ ቦርዱ ገቡ፤ ጣቢያውም በ1956 ለሁለት ተከፈለ። ግን ሥልጣኑ በየክልሉ መበተኑ አልቀረም። መራሔ መንግሥት አዴናወር የፌዴራል መንግሥቱ የራሱ ቴሌቪዥን እንዲኖረው ሲሞክር፣ በየካቲት 1961 የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ብሮድካስት የክልሎች ጉዳይ ነው፣ መንግሥትም ሊቆጣጠረው አይችልም ብሎ አስቆመው። አገሪቱን የሚመራ ሰው ቴሌቪዥን ፈልጎ ተከለከለ!

ግሪን ራሱ ከ1960 እስከ 1969 የቢቢሲ ዋና ዳይሬክተር ሆነ። በዘመኑ ቢቢሲ ሚኒስትሮች ላይ መሳቅ ጀመረ። ጠቅላይ ሚኒስትር ሃሮልድ ዊልሰን አላባረረውም፤ ይልቁንስ በ1967 ከተፎካካሪው የንግድ ቴሌቪዥን ባለሥልጣን ሎርድ ሂልን አምጥቶ ከበላዩ ሊቀ መንበር አደረገበት። በሁለት ዓመት ውስጥ ግሪን ወንበሩን ለቀቀ። ስለዚህ አውሮፓ ውስጥም ስልክ ይደወላል፤ ሹመትም መሣሪያ ይሆናል። ልዩነቱ አለቃው ሲሄድ ቤቱ አብሮት መሄድ አለመሄዱ ላይ ነው።

እኛ ጋ ቤቱ ስንቴ ስም እንደቀየረ ታውቃላችሁ። የኢትዮጵያ ሬዲዮና ቴሌቪዥን ድርጅት በአዋጅ ቁጥር 858/2006 ኮርፖሬሽን ሆነ፤ ተጠሪነቱም ለሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ነው። ወረቀቱን ላነበበ ሰው ክፉ ወረቀት አይደለም። ነገር ግን ተመልካች ኢቢሲን ሲከፍት የሚጠይቀው ተጠሪነቱ ለማን እንደሆነ አይደለም። የሚጠይቀው «እዚህ ውስጥ የኛ ሰፈር ሰው በራሱ አፍ ይናገራል ወይ?» ብሎ ነው። የፉሪ ሰው ስለ ፉሪ በቴሌቪዥን የሚሰማው ብዙ ጊዜ ካሜራ ይዞ ለግማሽ ቀን ከመጣ ሰው ነው።

አሁን ለምን ይህን ሁሉ እንደቆፈርኩ ልንገራችሁ። እኔና ሦስት ጓደኞቼ ትንሽ ፖድካስት እንሠራለን። አንዱ ሰበታ፣ አንዱ ቡራዩ፣ አንዷ ሱሉልታ ነው የሚኖሩት፤ አዲስ አበባን ከብበናታል ማለት ነው። እያንዳንዱ ከየሰፈሩ በስልኩ ይቀዳል፣ ገሚሱ በአማርኛ፣ ገሚሱ በአፋን ኦሮሞ፤ እኔ ፉሪ ሆኜ እሰፋዋለሁ። ዘንድሮ አንድ ሰው መጣ። ቦሌ ላይ ስቱዲዮ ልሥራላችሁ አለን፤ ካሜራ፣ መብራት፣ ደመወዝ። «አንቺ ዋና ሥራ አስኪያጅ ትሆኛለሽ» አለኝ። ሁለት ነገር ብቻ ነው የጠየቀው፦ ቻናሉ በእሱ ስም እንዲሆን፣ ቀረጻው ሁሉ ቦሌ እንዲሆን።

ሰውየው ክፉ ሰው አይደለም። ገንዘቡን የሚያወጣ ሰው ምሰሶው የእኔ ይሁን ቢል አልፈርድበትም። እናንተም ታውቁታላችሁ፣ ደመወዝ ማለት በዚህ ጊዜ ቀልድ አይደለም፤ የቡራዩው ጓደኛችን ከተመረቀ ሦስት ዓመቱ ነው። እናቴም «ሥራ አስኪያጅ ተብለሽ ታመነቺያለሽ?» ብላ ሁለት ቀን አኮረፈችኝ። እኔን የያዘኝ የመጀመሪያው ጥያቄ አይደለም፤ ምሰሶ እኮ ድሮም የእኛ አልነበረም። ዩቲዩብም የሰው ምሰሶ ነው፤ ነገ ቢዘጋብን የምንከሰው የለም። የያዘኝ ሁለተኛው ነው። የሱሉልታዋ ልጅ ወተት ይዘው ከንጋቱ በፊት ከሚወጡ ሴቶች ጋር መንገድ ዳር የምትቀዳውን ወሬ፣ ቦሌ መብራት ሥር አምጥተን ልናስቀምጠው አንችልም። ሴቶቹ ቢመጡም ወሬው አይመጣም።

ተሰብስበን ተነጋገርንና መልስ ጻፍንለት። ቻናሉ በስምህ ይሁን። የተቀዳው ድምፅ ኮፒ ግን በየቀጂው እጅ ይቀመጣል፤ የስቱዲዮው ገንዘብም አንድ ክፍል ከሚገዛ አራት ደህና መቅጃ ይግዛ። ሥራ አስኪያጅ የተባለውም ሰው በየስድስት ወሩ ይቀያየር፤ መጀመሪያ የሰበታው፣ ከዚያ የቡራዩው። እኔ የመጨረሻ ተራ ነው የወሰድኩት።

እስካሁን አልመለሰልንም። ምናልባት አይመልስም። በዚህ ሳምንት ከሱሉልታ 40 ደቂቃ የሚሆን ድምፅ ደርሶኛል፤ ስለ መኖ ዋጋ ነው፣ ግማሹ በነፋስ ተውጧል። ነገ ጠዋት ታክሲ ይዤ እዚያው ሄጄ ነፋሱ በየት በኩል እንደሚመጣ አያለሁ።