አታስለቅሱብን አቦ!

ዛሬ ድሬ፣ ከዚራ ጥላ ስር ሻይ እየጠጣሁ፣ አንዱ ጎረምሳ ስልኩን ሳንቡሳ ሻጯ እናት ፊት ደቅኖ «እማ፣ ስለ ልጅሽ ስታወሪ ቀስ በይ፤ እንባሽ ከመጣም አትጥረጊው» ይላታል። ዳይሬክተር መሆኑ ነው! እሷ ደግሞ «ሳንቡሳው ቀዘቀዘ፣ ትገዛለህ አትገዛም?» አለችው። አንጀቴን አራሰችው ወላሂ።

ዘንድሮ ሁሉም አጭር ዶክመንተሪ ይሰራል፣ «ኑዛዜ ነው» ይላል። እሺ፣ ተናዛዡ የታል? ባለካሜራው ሚስጥሩን ደብቆ የሳንቡሳ ሻጭ እንባ ይለቅማል እንዴ?

ሐረር ያደገችውን ጄሲካ በሽርን እዩዋት። በደርግ ጊዜ በጉርምስናዋ ከአገር ወጣች። ስትመለስ ጅብ ያበሉ የነበሩትን የዩሱፍ ሙሜን ሌሊት ቀርጻ እ.አ.አ. በ2017 «ሃይራት» የምትል አጭር ፊልም አወጣች። ከዚያ ዓመታት የፈጀባት «ፋያ ዳዪ» በ2021 ሰንዳንስ ላይ ታየ። ካሜራውን ራሷ ይዛ፣ በጥቁርና ነጭ። «ናፈቀኝ» ብላ ፊታችን አልተደቀነችም፤ ጫቱንና ጭሱን ስታዩ ግን የማን ናፍቆት እንደሆነ አይጠፋችሁም። ታማራ ዳዊት ደግሞ በ2020 «ፋይንዲንግ ሳሊ» ላይ፣ ቤተሰቡ ስሟን የማያነሳውን፣ ኢሕአፓ የገባች አክስቷን ስትፈልግ የገዛ አክስቶቿን ነው ያፋጠጠችው። የራሷን ጓዳ ከፈተች፣ አለቀ።

ደሞ ስለ ቪዲዮ ካነሳን አይቀር፣ ያ የእህቴ ሰርግ ቪዲዮ አንሺ! አባዬ የምድር ባቡር ሰው ነበር፤ ዕድሜውን ሙሉ ባቡር ሲጠግን ኖሮ ቪዲዮ ውስጥ የገባው ያን ቀን ብቻ ነው፣ ልጁን ሲመርቅ። ሰውየው ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? ድምፁን አጥፍቶ ዘፈን ጫነበት! በዚያ ላይ ፊቱ ዙሪያ ቀይ ልብ ታሽከረክራለች። የአባዬ አፍ ይንቀሳቀሳል፣ እኛ ኪቦርድ እንሰማለን። ዘመዱ ሁሉ መዳፉን ዘርግቶ አሜን ይላል። ምን ብሎ እንደመረቃት እህቴ እንኳ አታስታውስም፤ ስታለቅስ ነበራ። ቪዲዮ አንሺው ግን ሂሳቡን ሰባራ ሳንቲም ሳይቀንስ ወስዷል።

አባዬ የለም አሁን። እኔ ፊልም ብሰራ ያቺን የምርቃት ቪዲዮ ነው የምሰራት፦ የአባቴ አፍ ሲንቀሳቀስ፣ እኔ አጠገቡ ምን እንዳለ ስገምት። ግምቴ ምን ያህል ለራሴ እንደሚያደላ ያኔ ታዩታላችሁ። ማንንም አላስለቅስም፣ የሚያለቅስ ካለ እኔው ነኝ።

በሉ፣ ድሬ ውስጥ የድሮ ካሴት ወደ ፍላሽ የሚገለብጥ የምታውቁ ኢንቦክስ አድርጉልኝ። ዘፈን እንዳይጨምርበት ብቻ ንገሩልኝ።