ዘጠኝ ቁጥሩ ልጅ

ከኮምቦልቻ እንደመጣሁ የሰማ የዲፓርትመንታችን ልጅ ሁሉ መጀመሪያ የሚጠይቀኝ «ደሴ ላይ ስትሮጥ ትንፋሽ አያጥርህም?» ብሎ ነው። ያጥረኛል እንጂ! ለምን እዋሻለሁ? አንደኛ ዓመት ሳለሁ የመጀመሪያውን የሩጫ ፈተና ስንፈተን ገና ሁለተኛውን ዙር ሳልጨርስ ጎኔን ይዤ ቁጭ አልኩ። የደሴ ልጆች ሳቁብኝ። እኔ ግን በዚያች ደቂቃ ትዝ ያለኝ ሐረጎ ነበር። ዳገቱን ማለቴ አይደለም፣ ልጁን ነው።

ለማታውቁት፣ ሐረጎ ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ የሚያወጣው ጠመዝማዛ ዳገት ነው። ታች ኮምቦልቻ ከባሕር ጠለል በላይ 1850 ሜትር ገደማ፣ ላይ ደሴ ደግሞ 2500 ሜትር ገደማ ናት። በሃያ ምናምን ኪሎ ሜትር መንገድ ስድስት መቶ ሜትር ያህል ትወጣላችሁ። ታች በካናቴራ የተሳፈረ ሰው ላይ ሲደርስ ጃኬት ያምረዋል። በክፍል እንደተማርነው ደሴ ላይ ያለው የአየር ግፊት ባሕር ጠለል ላይ ካለው ሦስት አራተኛውን ያህል ነው፤ ኮምቦልቻ ላይ አራት አምስተኛ ይጠጋል። በወረቀት ሲታይ ልዩነቱ ትንሽ ይመስላል። በሰባኛው ደቂቃ የደሴን ክንፍ ተጫዋች ሲያባርሩ ግን ትንሽ አይደለም። ኳሷም ብትሆን በሳሳው አየር ከለመድነው በላይ ትርቃለች።

እ.ኤ.አ. በ2007 ፊፋ ከ2500 ሜትር በላይ በሆነ ቦታ ዓለም አቀፍ ጨዋታ እንዳይካሄድ ከልክሎ ነበር። ደሴ ልክ ድንበሩ ላይ ናት ማለት ነው። ቦሊቪያዎች ጮኹ፣ ፕሬዚዳንታቸው ኢቮ ሞራሌስ ራሳቸው ተራራ ላይ ወጥተው ኳስ ተጫወቱ። ፊፋም ብዙም ሳይቆይ ገደቡን ወደ 3000 ሜትር ከፍ አደረገ፣ በዓመቱ ደግሞ ውሳኔውን ለጊዜው ተወው። ይህን ያነበብኩት እዚህ ከገባሁ በኋላ ነው። ያኔ ባውቀው ኖሮ ለቲቸር እነግረው ነበር፤ ስንሸነፍ ምክንያት ይወድ ነበርና።

ቲቸር የስፖርት መምህራችንና አሰልጣኛችን ነው። የትምህርት ቤታችንን ስም አልጠቅስም፤ ለምን እንደሆነ ወደ ታች ስታነቡ ይገባችኋል። እኔ የግራ ተከላካይና አምበል ነበርኩ። ጊዜው 2015 ዓ.ም. ነው፣ አስራ አንደኛ ክፍል ነበርን።

እንደሚታወቀው የትምህርት ቤት ኳስ የሚጀምረው ከክፍል ለክፍል ውድድር ነው። ከዚያ ነው የትምህርት ቤቱ ቡድን የሚመረጠው። ጠዋት አስራ ሁለት ሰዓት ላይ ከደወል በፊት እንለማመዳለን። ሜዳው ጠጠር ስለነበር የወደቀ ሰው ጉልበቱን ይዞ ሳይሆን ጉልበቱን ትቶ ይነሳል። ታኬታ ያለን ሰባት ነበርን። የቀረው በተራ ይዋሳል፤ እግሩ ትልቅ የሆነ ካልሲ ያወልቃል፣ ትንሽ የሆነ ጨርቅ ይጨምራል። ማልያው ከኛ በፊት ስንት ዓመት እንደተለበሰ እግዜር ይወቀው፣ የዘጠኝ ቁጥሩ ግማሹ ተልጦ ሰባት ይመስል ነበር።

ያንን ማልያ የሚለብሰው ሐረጎ ነው። ስሙ አይደለም፣ እኛ ያወጣንለት ነው። ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ አብረን ነበርን። ዋልያዎቹ ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ የተመለሱት በዚያው ዓመት ነው። ጥር 13 ቀን 2005 ዓ.ም. አዳነ ግርማ ዛምቢያ ላይ ሲያገባ የሰፈሩ ጩኸት እስካሁን ጆሮዬ ላይ አለ። በማግስቱ በእረፍት ሰዓት ሁላችንም አዳነ ነን ብለን ተጣላን። ሐረጎ ምንም አላለም፤ የጨርቅ ኳሷን ወስዶ ሦስታችንን አታሎ አለፈና አገባ። ከዚያ በኋላ ማን አዳነ እንደሆነ የተከራከረ የለም።

በ2014 ዓ.ም. ጥቅምት መጨረሻ ጦርነቱ ከተሞቻችን ደረሰ፤ ትምህርት ተቋረጠ። ኅዳር 27 መንግሥት ደሴንና ኮምቦልቻን መልሶ መቆጣጠሩን አስታወቀ። ከወራት በኋላ ተሰብስበን ስንቆጠር ከክፍላችን የጎደሉ ነበሩ። አንዱ እሱ ነው። የቤቱን ነገር ዘርዝሬ መጻፍ የኔ ድርሻ አይደለም። ባጭሩ ታናናሾቹን የሚያበላ ሰው ያስፈልግ ነበር፣ እሱም በኮምቦልቻና በደሴ መካከል የሚመላለስ ሚኒባስ ላይ ረዳት ሆነ። ቅጽል ስሙ የወጣው ያኔ ነው። በቀን አራት አምስት ጊዜ ሐረጎን ይወጣል፣ ይወርዳል።

በ2015 ቲቸር አንድ ጠዋት ይዞት መጣ። «ከዛሬ ጀምሮ ይጫወታል» አለ፣ በቃ። ሌላ ልጅ ቤተሰቦቹ ወደ አዲስ አበባ ሲሄዱ መታወቂያው ትምህርት ቤት ቀርቶ ነበር፤ በዚያ መታወቂያ ተመዘገበ። ሁላችንም እናውቃለን፣ ማንም አልጠየቀም። የቡድኑን ዝርዝር ቅጽ በአምበልነቴ የፈረምኩት እኔ ነኝ። እጄ እንኳ አልተንቀጠቀጠም። ሌሎቹስ ትምህርት ቤቶች ስንት አላቸው ተብሎ ይወራ ስለነበር ያን ያህል አልከበደኝም።

በምድብ ጨዋታ አንዱን ሁለት ለአንድ አሸነፍን፣ ከአንዱ ባዶ ለባዶ ወጣን፣ በሦስተኛው እሱ ብቻውን ሦስት አገባ። ደሴ ላይ ሁላችንም እንደ ዓሣ አፋችንን ከፍተን ስንቀር እሱ ይሮጣል። ልጆቹ «ሐረጎን ስለሚመላለስ አየሩን ለመደው» ይሉ ነበር፣ እኔም አምኜ ነበር። ዛሬ ግን እንዳልሆነ አውቃለሁ። ሰውነት ከፍታን የሚለምደው እዚያው ውሎ ሲያድር፣ ቀናትና ሳምንታት ሲቆይ ነው እንጂ ለግማሽ ሰዓት መናኸሪያ ቆሞ በመመለስ አይደለም። ልጁ በቃ ከኛ ይበልጥ ነበር፤ እኛ ሳይንስ ፈለግንለት።

በዚያ ዓመት ዐቢይ ጾምና ረመዳን ገጥመው ነበር። ከቡድኑ ግማሹ ሙስሊም ነው፣ ግማሹ ክርስቲያን፤ የሚበላ ሰው የለም ማለት ይቻላል። ቲቸር ልምምዱን ወደ አመሻሽ አዛወረው። መግሪብ ሲደርስ ሜዳው ዳር ክብ ሠርተን እንቀመጣለን፣ ሙስሊሞቹ በተምር ያፈጥራሉ፣ እኛም ሽሮና ሳንቡሳ እየተሻማን አብረን እንበላለን። ከዚያ የውድድር ዘመን እስካሁን የምትናፍቀኝ እሷ ሰዓት ናት። አንድ ምሽት ሐረጎ ተምሩን እያኘከ ለቲቸር «የማታ ትምህርት ምዝገባ መቼ ነው ቲቸር?» አለው። ቲቸርም በትከሻው ላይ መታ መታ አድርጎ «ከፍጻሜው በኋላ እናያለን» አለ። ሐረጎ እሺ አለ። እኔ አጠገባቸው ነበርኩ። ሳንቡሳዬን በላሁ።

ፋሲካ ሚያዝያ 8፣ ዒድ ሚያዝያ 13 ዋሉ። ግማሽ ፍጻሜው ከበዓላቱ በኋላ ደሴ ላይ ተደረገ። የበልግ ዝናብ ጠዋት ጥሎ ነበር፤ ጦሳ በጉም ተሸፍኗል፣ ሜዳው ጭቃ ነው። ተመልካቹ የነሱ፣ ብርዱም የነሱ። ገና በአስረኛው ደቂቃ አገቡብን። ከዕረፍት በፊት በማዕዘን ምት አቻ ሆንን። ከሰባ ደቂቃ በኋላ እኔ እግሬ የኔ አልነበረም። ጨዋታው ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው በረኛችን ከእጁ ለጋት። ኳሷ ሄደች፣ ሄደች… የነሱ ተከላካይ የምትወድቅበትን ቦታ አሳስቶ ወደ ፊት ወጣ። ሐረጎ ግን መነሻዋን ሲያይ ጀርባውን ሰጥቶ መሮጥ ጀምሮ ነበር። አንዴ ነጥራ ደረቱ ላይ አረፈች። በግራ እግሩ ነው ያገባት። ሁላችንም ጭቃው ውስጥ ተደራረብንበት፣ ከሥር «ልቀቁኝ ወላሂ፣ ሾፌሩ ይጠብቀኛል!» ሲል ይሰማኛል።

እውነቱን ነው። ሾፌሩ የለቀቀው ለሁለት ሰዓት ብቻ ነበር። ፊሽካው እንደተነፋ ማልያውን ሳያወልቅ ላዩ ላይ ጃኬት ደርቦ ወደ መናኸሪያ ሮጠ። እኛም በእሱ መኪና ተጫንን። በር ላይ ተንጠልጥሎ «ኮምቦልቻ! ኮምቦልቻ! የሞላ!» ይላል፣ ካልሲው እስከ ጉልበቱ ጭቃ ነው። ተሳፋሪው ሁሉ እየዘፈነ ሐረጎን ወረድን። ሒሳብ ሲሰበስብ የኛንም ተቀበለ። አንዱ «አንተ ደግሞ! ዛሬ እንኳ?» ሲለው «የሾፌሩ ነው እንጂ የኔ መሰለህ?» ብሎ መልሱን ቆጥሮ ሰጠው።

በማግስቱ የተገቢነት ክስ ቀረበብን። የተሸነፈው ቡድን ተከላካይ ነው ያወቀው። «ይሄ ልጅ እኮ ዘወትር ሒሳብ የሚቀበለኝ ረዳት ነው» ብሎ። ምን ይባላል? በየቀኑ በሩ ላይ ቆሞ የሚጮኽ ልጅ እንዴት ይደበቃል ብለን እንዳሰብን አላውቅም።

ሦስት ሰዎች ጠረጴዛ ላይ ተቀምጠው ጠሩን፣ ቲቸርን፣ እሱንና እኔን። ቲቸር መታወቂያውን አቀረበ። ሰውየው ፎቶውን አየ፣ ልጁን አየ፣ ከዚያ ወደ እኔ ዞረ።

«አምበሉ አንተ ነህ?»

«አዎ።»

«ይህ ልጅ አብሮህ ይማራል?»

«አብሮኝ ተምሯል» አልኩ።

«ተምሯል ነው ወይስ ይማራል?»

ዝም አልኩ። ሌሊቱን ስዘጋጅባት ያደርኩት ቃል «ተምሯል» ነበረች፤ ውሸትም እውነትም አይደለችም ብዬ ነበር። ሁለተኛ ጥያቄ ይኖራል ብዬ ግን አላሰብኩም። ቲቸር መሬት መሬት ያያል። ያኔ ሐረጎ ራሱ «አልማርም። ረዳት ነኝ» አለ። «እነሱን አትጠይቋቸው፣ ልጫወት ያልኩት እኔ ነኝ።»

ይህኛው ውሸት ነበር። እኛ ነን የፈለግነው። አሁንም አላረምኩትም።

በፎርፌ ወጣን፣ የደሴው ቡድን ወደ ፍጻሜ አለፈ። ቲቸር የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ተሰጠው። ሐረጎ ከማንኛውም የትምህርት ቤቶች ውድድር ለአንድ ዓመት ታገደ። ትምህርት ቤት የሌለውን ልጅ ከትምህርት ቤት ውድድር ማገድ ምን ማለት እንደሆነ እስካሁን ሲገርመኝ ይኖራል። እኔ ምንም አልተደረግኩም። ከልጆቹ መካከል «ምናለ ዝም ቢል ኖሮ» ያሉ ነበሩ፤ ለእሱ ሳይሆን ለዋንጫው ያዘኑ።

ሕጉ ስህተት ነው ልል አይደለም። አሁን የምንማረው ይህንኑ ነው። ያ ተከላካይ በትክክል ተመዝግቦ፣ ተምሮ፣ ተጫውቶ በማይገባው ሰው ጎል ከወጣ ተበድሏል። እሱን ባገኘው ይቅርታ እጠይቀው ነበር። እኔን የሚያቃጥለኝ ሌላ ነው። ስድስት ወር ሙሉ ያንን ልጅ ለልምምድ ስንጠራው፣ ማልያ ስንሰጠው፣ ስንሸከመው አንድ ቀን ደብተር ይዘንለት አልሄድንም። በሌላ ሰው ስም ቅጽ ለመሙላት ጊዜ ነበረን። በራሱ ስም የማታ ትምህርት ቅጽ መሙላት ግን ከፍጻሜው በኋላ ተባለ፣ ፍጻሜውም ሳይመጣ ቀረ፣ እኛም ረሳነው። እኔ በ2016 ለፈተና ሳጠና እሱ «ደሴ! ደሴ!» ሲል ከመስኮቴ ሥር ይሰማኝ ነበር።

ባለፈው ዓርብ ወደ ቤት ስወርድ የገባሁበት ሚኒባስ የእሱ ሆኖ አገኘሁት። ትከሻው ሰፍቷል፣ መንጃ ፈቃድ ለማውጣት እየተማረ ነው።

«ስንተኛ ዓመት ደረስክ?» አለኝ።

«ሁለተኛ።»

«ኳስስ?»

«ትንፋሽ ያጥረኛል።»

ከት ብሎ ሳቀ። የሐረጎ ጠመዝማዛ ላይ ስንደርስ ጉሙ መንገዱን ዘግቶት ሾፌሩ ቀስ አለ። አሁን ካልነገርኩት መቼ ብዬ «የማታ ምዝገባ እኮ ሊጀመር ነው፣ ከፈለግህ አብሬህ እሄዳለሁ» አልኩት። ትንሽ ዝም አለና በቲቸር ድምፅ፣ ያንኑ ትከሻ መታ መታ ማድረግ ጨምሮ፣ «ከፍጻሜው በኋላ እናያለን» አለኝ። ተሳፋሪው ስላልገባው የሳቀው እሱ ብቻ ነው። ከዚያ እጁን ዘረጋ፣ ሒሳቤን ሰጠሁት፣ መልሱን ቆጥሮ መለሰልኝና ወደ በሩ ዞረ።