የመጀመሪያው ሙከራ ዋጋ

በታኅሣሥ ወር ኦስሎ ከተማ የቀን ብርሃን የምታገኘው ለስድስት ሰዓት ያህል ብቻ ነው። አዲስ አበባ ተወልዳ ያደገች አንዲት የሒሳብ ባለሙያ ሁለት የበረዶ ወቅቶችን በዚያች ከተማ ያሳለፈችው፣ በጨለማ ወደ ቢሮ እየሄደች በጨለማ ወደ ቤቷ እየተመለሰች ነበር። እንቅልፏ ተዛባ፤ ሐሳብ በዛባት። ለሚደውሉላት እናቷ ግን «ደኅና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን» ከማለት አልፋ አታውቅም።

በሦስተኛው ዓመት የሥራ ባልደረባዋ «ቅዳሜ ስኪ እንሂድ» ስትላት፣ «ይህ የእነርሱ ጨዋታ ነው» ብላ ልትተወው ቃጥቷት ነበር።

በምጣኔ ሀብት ጥናት፣ ጥቅማቸው ካልቀመሷቸው በቀር የማይታወቅ ነገሮች ራሱን የቻለ ስፍራ አላቸው። ፊሊፕ ኔልሰን ይህን ሐሳብ በ1970 እ.ኤ.አ. ካቀረበ ወዲህ ብዙ ተጽፎበታል። የእነዚህ ነገሮች ከባዱ ክፍያ የመጀመሪያው ሙከራ ነው፤ ሰው የሚከፍለው ምን እንደሚያገኝ ሳያውቅ ነውና።

ኖርዌይ ይህን ክፍያ አቅልላለች። በ1957 እ.ኤ.አ. የወጣው ሕግ፣ ባለቤቱ ማንም ይሁን ማን፣ ባልታረሰ መሬት ላይ በእግር የመዘዋወር መብትን ለሁሉም አረጋግጧል። የስፖርት መሣሪያ በነፃ የሚያውሱ ማዕከላት አሉ። የኦስሎ የከተማ ባቡርም እስከ ፍሮግነርሴተረን፣ እስከ ጫካው ጠርዝ ድረስ ይወጣል። ሕግና የሕዝብ ገንዘብ ሊሸፍኑት ያልቻሉት አንድ ወጪ ቀረ፤ እርሱም ዕፍረት ነው። ሴትዮዋ ሕፃናት እየተንሸራተቱ በሚያልፉበት ቁልቁለት ላይ ደጋግማ ወደቀች።

ሆኖም ዓይኗና ልቧ እግሯ ላይ ስለነበሩ፣ ለሁለት ሰዓት ያህል ጭንቀት መግቢያ አጣ። ማታ ጡንቻዎቿ እየቆረጠሟትም ቢሆን እንቅልፍ ወሰዳት።

የአንድ ሌሊት እንቅልፍ በእርግጥ ማስረጃ አይሆንም። ነገር ግን የቀን ብርሃን የሰውነትን ሰዓት ያስተካክላል፤ እንቅስቃሴ ልብን ያበረታል፤ አዲስ ነገር መልመድ ሚዛንንና ትኩረትን ያሠለጥናል። የዓለም ጤና ድርጅት በ2020 እ.ኤ.አ. ባወጣው መመሪያ ለአዋቂዎች የመከረው መጠነኛ እንቅስቃሴ በሳምንት ከ150 እስከ 300 ደቂቃ ነው። እርስዋም ቅዳሜ ቅዳሜ መሄዷን ቀጠለች።

ለስደተኞች የሚቀረጹ የማላመጃ መርሐ ግብሮች ቋንቋንና ሥራን ይቆጥራሉ፤ ተገቢም ነው። ያንን የቀረውን ወጪ ለመጋራት ግን ከመንግሥት ይልቅ የኢትዮጵያውያን ማኅበራት ይቀርባሉ። ከወገን ጋር የወደቀ ሰው ዕፍረቱ ይቀልለታልና።

እናቷ በሌላ ቀን ሲደውሉ ስለ መውደቋ አጫወተቻቸው። ከልባቸው ሳቁ፤ እርስዋም አብራቸው ሳቀች። ከዚያ በኋላ ስለ እንቅልፏ ነገረቻቸው።