የኋላ መብራት

ሰው ፊቱን እንጂ ኋላውን አያይም። መኪና የሚነዳም ሰው ፍሬን ሲረግጥ ከኋላው የሚበራውን ቀይ መብራት ራሱ አያየውም፤ አምፑሉ ቢቃጠል ብዙ ጊዜ አስቀድሞ የሚያውቀው ከኋላ ያለው ነው። ምልክቱ ከጠፋ ግን የሚከተለው ሰው የፊተኛው መቆሙን ሳያውቅ ሊገጨው፥ ነፍስም ሊጠፋ ይችላል።

ስለዚህ ልጁ «አባባ፥ የቀኙ አልበራም» ቢለው አስተዋይ አባት አይቈጣም። ሞተሩን ያጠፋል፥ መብራቱም እስኪበርድ ይታገሣል። ክዳኑን ፈትቶ አምፑሉን በንጹሕ ጨርቅ ይይዛል፤ ወደ ውስጥ ገፋ፥ ወደ ግራም ዞር አድርጎ ያወጣዋል። በምትኩም የፊተኛውን ዓይነት ያገባል፤ እርሱም በብዙ መኪና 12 ቮልትና 21 ዋት ነው። ከዚያ ፍሬኑን ሲረግጥ ልጁ ከኋላ ቆሞ «በራ!» ይለዋል።

ልጆች ሆይ፥ ጕድለታችሁን የሚነግራችሁን አትጥሉት፤ እናንተ የማታዩትን እርሱ አይቶላችኋልና።