ከዳሞታ ተራራ ሥር፤ በስልክ ስለሚመጣ ገንዘብ

ከአዲስ አበባ ወደ ደቡብ ተጉዘን ወላይታ ሶዶ በደረስን ጊዜ አስቀድሞ የተቀበለን የዳሞታ ተራራ ነው። ከተማይቱ ከግርጌው ተቀምጣለች፤ ከ2015 ዓ.ም. ወዲህም የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል የአስተዳደር መቀመጫ ሆናለች። በየጓሮው እንሰትና ቡና ይታያል። መሬቱ ለም ነው፤ ነገር ግን ሕዝቡ ብዙ ስለ ሆነ ለእያንዳንዱ ቤት የሚደርሰው ማሳ ጠባብ ነው። ስለዚህ ብዙ ወጣቶች እንጀራቸውን ፍለጋ ወደ አዲስ አበባና ወደ ሌላም ከተማ ይወጣሉ።

እነርሱ የሚልኩት ገንዘብ ቀድሞ የሚመጣው በታመነ መንገደኛ እጅ ነበረ፤ ይልቁንም በመስከረም፥ ለወላይታ ዘመን መለወጫ ለጊፋታ። ኢትዮ ቴሌኮም በግንቦት 2013 ዓ.ም. ቴሌብርን ከጀመረ ወዲህ ግን ልጅ ሲልክ እናት ወዲያው በስልኳ ትቀበላለች። ኢንተርኔት የሌለው ተራ ስልክም ለዚህ ይበቃል።

አንዲት እናት ቡና አፍልተው ሲያጫውቱን እንዲህ አሉን፤ «ልጆቼ፥ ድሮ ልጄ በዓመት አንድ ጊዜ ሲያመጣ ለበዓሉ በሬ እንገዛበት ነበር። አሁን በየሳምንቱ ጥቂት ጥቂት ይልካል፤ ጨውና ሳሙና ሆኖ ያልቃል። ስለዚህ እኩሌታውን ሳልነካ ለጊፋታው ማኅበር አገባለሁ።» በወላይታ ጎረቤት ከጎረቤት ተማምኖ ለበዓሉ በሬ ዓመቱን ሙሉ ማጠራቀም የቆየ ልማድ ነው።

ነገሩን ስናስበው የእናቲቱ ብልሃት ከበሬ ግዢ የሚያልፍ ሆኖ አገኘነው። በ2017 ዓ.ም. ኢትዮ ቴሌኮም ከድርሻው 10 በመቶውን በዚያው በቴሌብር ለሽያጭ ባቀረበ ጊዜ፥ በሶዶ የተቀመጠ ሰው አዲስ አበባ ሳይሄድ ባለ አክሲዮን ለመሆን ይችል ነበር። የአንዱ አክሲዮን ዋጋ 300 ብር ነበረ፤ ከ33 አክሲዮን በታች መግዛት ስለማይቻል ግን መነሻው 9,900 ብር ሆነ። ይህን በአንድ ጊዜ የሚያወጣ አስቀድሞ ያጠራቀመ ሰው ነው። እንግዲህ ስልኩ ገበያውን እቤት ድረስ አመጣ እንጂ ጥሪቱን አልሰጠም።

ስለዚህ ክቡራን አንባብያን፥ ፈጥኖ የሚመጣ ገንዘብ ፈጥኖ እንዳይሄድ ማሰሪያ ያስፈልገዋል። የምስጢር ቁጥራችሁንም ለማንም ደዋይ አትንገሩ፤ በዚህ ምክንያት የወር ልፋታቸውን በአንድ ቀን ያጡ አሉና።

ልንሰናበት ስንነሣ የእናቲቱ ስልክ ድምፅ ሰጠ። ልጃቸው ልኮላቸው ነበር። ቁጥሩን አስነብበው ከሰሙ በኋላ፥ ገና ሳንወጣ እኩሌታውን ለማኅበሩ ገንዘብ ያዥ ላኩ።