ምድርን በፊልም ስለ ማስተማር

የከርሰ ምድር ነገር በዓይን የማይታይ በመሆኑ፣ የሥነ ምድር ሊቃውንት በየመጻሕፍቱ ያሰፈሩት ዕውቀት ወደ ሕዝቡ ሳይደርስ ብዙ ዘመን ይቆያል። ይህን ርቀት ለማጥበብ ፊልም ምን ያህል እንደሚረዳ በአጭሩ ለማስረዳት እንወዳለን።

የምንኖርባት አዳማ በስምጥ ሸለቆ ውስጥ የተቆረቆረች ከተማ ናት። ለግንባታ የምናስጭነው ቀይ አሽ ጥንት ከእሳተ ገሞራ አፍ የተተፋ ነው። የሶደሬንም ፍል ውሃ የሚያሞቀው የምድር ውስጥ ትኩሳት ነው። ይሁን እንጂ በየዕለቱ የምንረግጠውን ይህን ምድር ምን ያህል እናውቀዋለን?

ታኅሣሥ 26 ቀን 2017 ዓ.ም. ሊነጋጋ ሲል፣ በፈንታሌና በዶፈን አካባቢ ለወራት ሲደጋገም ከነበረው የመሬት መንቀጥቀጥ አንዱ፣ መጠኑ 5.7 ሆኖ፣ ከእንቅልፋችን ቀሰቀሰን። ከጎረቤቶቻችን ጋር ሜዳ ላይ ቆመን አነጋን። በዚያው ሰሞን በዶፈን ከምድር እየተገፋ የሚወጣ እንፋሎት የሚያሳይ አጭር ፊልም ከእጅ ስልክ ወደ እጅ ስልክ ይተላለፍ ነበር። አንዲት በዕድሜ የገፉ ጎረቤታችን ይህንኑ ተመልክተው፣ «ልጄ፣ እሳቱ ወደ እኛ እየመጣ ነው እንዴ?» ሲሉ ጠየቁን። የታየው እንፋሎትና ጭቃ እንጂ የቀለጠ ዓለት አልነበረም። ሊቃውንቱ እንዳስረዱት፣ የቀለጠው ዓለት ከታች በስንጥቅ ውስጥ እየሰረገ ነበር ምድሪቱን ያናወጣት። ሥዕሉ ለሁሉ ደረሰ፤ ትርጓሜው ግን ወደ ኋላ ቀረ። ትርጓሜ የሌለው ሥዕል ደግሞ ያስፈራል እንጂ አያስተምርም።

ሥዕልና ትምህርት ሲጣመሩ ውጤቱ ሌላ ነው። ፈረንሳውያኑ ባልና ሚስት ሞሪስና ካትያ ክራፍት ሥነ ምድርን ከፊልም ሥራ ጋር ያዋሐዱ ሊቃውንት ነበሩ። በ1978 ዓ.ም. በኮሎምቢያ የኔቫዶ ዴል ሩይዝ እሳተ ገሞራ ያስነሣው የጭቃ ጎርፍ አርሜሮ የተባለችውን ከተማ ውጦ ከ20,000 የሚበልጥ ሰው ፈጀ። ከዚህ በኋላ ሁለቱ የእሳተ ገሞራን አደጋ የሚያስረዳ ፊልም አዘጋጁ። በ1983 ዓ.ም. በፊሊፒንስ የፒናቱቦ ተራራ ማጨስ ሲጀምር ይኸው ፊልም ለሹማምንቱና ለነዋሪው ታየ። ተራራው ሰኔ 8 ቀን በብርቱ ሲፈነዳ በአሥር ሺሕ የሚቆጠር ሕዝብ አስቀድሞ ከስፍራው ርቆ ነበር። ባልና ሚስቱ ግን ይህን ለማየት አልታደሉም። ከ12 ቀን በፊት፣ ግንቦት 26 ቀን፣ በጃፓን የኡንዘን እሳተ ገሞራን ሲቀርጹ ሕይወታቸው አልፏል።

እንግዲህ እኛስ ምን እንጠብቃለን? በአዲስ አበባ የምድርን ንዝረት መመዝገብ ከተጀመረ ከ60 ዓመት በላይ ሆኖታል፤ ዕውቀቱም ሊቃውንቱም አሉን። አንድ የሥነ ምድር ባለሙያ፣ አንድ ፊልም አንሺና አንድ መምህር ቢተባበሩ፣ ከቀይ አሹ ጉድጓድና ከሶደሬ ፍል ውሃ ተነሥተው፣ ምድር ለምን እንደምትናወጥና በዚያች ሰዓት ከግድግዳ መራቅ እንደሚገባ በአማርኛና በአፋን ኦሮሞ ሊያስረዱን ይችላሉ። ፊልሙም በአዳማ፣ በወንጂ፣ በሞጆና በመተሐራ በየትምህርት ቤቱና በየቀበሌው አዳራሽ ይታይ። ይህም መሆን ያለበት ምድሪቱ ጸጥ ባለችበት በዛሬው ጊዜ ነው። አባቶቻችን «ሳይቃጠል በቅጠል» ያሉት እንዲህ ላለው ጉዳይ ነውና።